እቴጌ ጣይቱ ብጡል፤ ከግብር አዳራሽ እስከ ሆቴል

እህል አሰናድቶ ለሰው ማቅረብ በኢትዮጵያ የቆየ ሙያ ነው። እህልን በዋጋ መሸጥ ግን ለብዙ ዘመን ከክብር ሥራዎች ተርታ አልተቈጠረም። እንግዳ ሲመጣ ቤት ያፈራውን ማቅረብ ደንብ ሲሆን፣ ከበላ በኋላ ሒሳብ መጠየቅ ነውር ነበር። በየገበያውና በየከተማው ጠላና ጠጅ እየሸጡ ቤተሰብ የሚያስተዳድሩ ሴቶች ባይጠፉም፣ ሥራቸው ይፈለግ እንጂ ስማቸው በክብር አይነሣም ነበር። ይህን ልማድ ከላይ ጀምሮ የነቀነቁት ሰው ከነጋዴ ወገን የመጡ አልነበሩም፤ የንጉሠ ነገሥቱ ባለቤት እቴጌ ጣይቱ ብጡል ነበሩ።

እቴጌ ጣይቱ በታሪክ ጎልተው የሚነሡት በውጫሌ ውል ክርክርና በዐድዋ ዘመቻ ነው። ይህም ተገቢ ነው። ነገር ግን ከዕድሜያቸው ረጅሙን ጊዜ የወሰደው ሥራ ሌላ ነበር፤ ይኸውም በሺህ የሚቈጠር ሰው የሚመገብበትን ቤት ማስተዳደር ነው። ከዚህ ሥራ የተገኘው ልምድ በመጨረሻ በአዲስ አበባ ሆቴል ሆኖ ተተከለ። ሆቴሉም ከእርሳቸው ሥልጣን፣ ከዘመዶቻቸው ሹመት፣ ከራሳቸውም ዕድሜ በላይ ቆየ።

የሰሜን ቤት

ከጎንደር ወደ ሰሜን የሚወጣ መንገደኛ የወገራን ሜዳ ይዞ አምባ ጊዮርጊስንና ዳባትን ካለፈ በኋላ ደባርቅ ይደርሳል። ከደባርቅ ቀጥሎ ምድሩ በድንገት ይቈረጥና የሊማሊሞ ቁልቁለት ይጀምራል። ቁልቁለቱ ወደ አዲ አርቃይ፣ ከዚያም ወደ ተከዜ ያወርዳል። ከጎንደር ወደ ምጽዋ የሚመላለሰው ሲራራ ነጋዴ በጥንት ዘመን የሚጠቀምበት አንዱ ዋና መንገድ ይህ ነበር። ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስም በአውሮፓ አቆጣጠር በ1770 ወደ ጎንደር የገባው በዚሁ በኩል ነው።

አገሩ የገብስ አገር ነው። ከደባርቅ በላይ እስከ ራስ ደጀን ግርጌ ድረስ ብርዱ ጤፍን አያበቅልም፤ ገብስ ግን ሌላ እህል በማይደፍረው ከፍታ ላይ ይዘራል። እንጀራው ከገብስ፣ ቂጣው ከገብስ፣ ጠላው ከገብስ፣ የመንገደኛው ስንቅ የሆኑት ቆሎና በሶም ከገብስ ይሰናዳሉ። ጤፉና ማሩ ከወይና ደጋና ከቆላ መምጣት ስላለበት፣ ደገኛው ያለውን ይዞ የሌለውን ለመለወጥ ወደ ገበያ መውረድ ግዴታው ነው። በዚህ መንገድ ላይ የተቀመጠ ገዥም ከጦሩ ሌላ ሁለት ነገር ማወቅ ነበረበት፤ ጎተራ መጠበቅና መንገደኛ መቀበል።

በ19ኛው መቶ ዓመት ይህን አገር የገዛው የደጃዝማች ኃይለ ማርያም ገብሬ ቤት ነው። ከልጆቻቸው አንዱ ደጃዝማች ውቤ ከሰሜን ተነሥተው ትግራይን ጨምረው ለሃያ ዓመት ያህል ገዙ። ሌላው ልጃቸው ራስ ብጡል የእቴጌ ጣይቱ አባት ናቸው። ስለዚህም ጣይቱ በ1840ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ የተወለዱት በበጌምድር ቢሆንም፣ በአባታቸው በኩል የሰሜን ልጅ ነበሩ።

የቤቱ ደስታ ግን ብዙ አልቆየም። ራስ ብጡል ልጃቸው ገና ሕፃን ሳለች ሞቱ። በየካቲት 1847 ዓ.ም. ደጃዝማች ውቤ በደረስጌ ጦርነት በደጃዝማች ካሣ ድል ሆኑ። ለራሳቸው ንግሥ እንዳሠሩት በሚነገርለት በደረስጌ ማርያም ቤተ ክርስቲያንም አሸናፊያቸው ዐፄ ቴዎድሮስ ተብለው ዘውድ ጫኑበት። ውቤ ቀሪ ዘመናቸውን በእስር ጨረሱ። ልጃቸው ወይዘሮ ጥሩወርቅ የአሸናፊው ሚስት ሆኑ፤ ወደ እንግሊዝ አገር ተወስዶ በዚያው የሞተውን ልዑል ዓለማየሁንም ወለዱ። የሰሜን ጎተራ ባንድ ቀን ጦርነት ባለቤቱን ለወጠ፤ በቤቱ ስም የሚጠሩትም ሁሉ በሌላ ሰው ማዕድ የሚያድሩ ሆኑ። ጣይቱ ያደጉት በዚህ ዐይነት ጊዜ ነው።

ሆኖም ከትምህርት አልተለዩም። ማንበብና መጻፍ ለሴት ልጅ ብርቅ በነበረበት ዘመን ፊደልና ግዕዝ ተምረዋል፤ በገና ይደረድሩ፣ ሰንጠረዥ ይጫወቱ እንደነበረም ይነገርላቸዋል። ወጣትነታቸው በትዳር መፍረስና በስደት የተመላ ነበር። የንጉሥ ምኒልክ ባለቤት የሆኑት በ1875 ዓ.ም. በፋሲካ ሰሞን በአንኮበር በቍርባን ሲጋቡ ሲሆን፣ ያን ጊዜ ዕድሜያቸው ከሠላሳ ያለፈ፣ ብዙ ያዩ ሴት ነበሩ።

የግቢው ማዕድ ቤት

የዘመኑን ግቢ ምግብ ቤት እንደ ዛሬ ወጥ ቤት ማሰብ አይገባም። በውስጡ እንጀራ ቤት፣ ወጥ ቤት፣ ሥጋ ቤት፣ ጠጅ ቤትና ጠላ ቤት እያንዳንዳቸው የራሳቸው አለቃና ሠራተኛ ነበራቸው። እህሉ ከሁዳድ ይገባል፤ ማሩና ቅቤው ከየአገሩ በግብር ይመጣል፤ ከብቱ ይነዳል፤ እንጨትና ውኃ የሚያቀርበው ሕዝብ ለብቻው ይሰለፋል። ወታደር ዛሬ እንደሚታወቀው በወር ደመወዝ አይተዳደርም ነበርና፣ ግብር መብላት ከደመወዙ አንዱ ክፍል ነበር። በዚህም ምክንያት የጌታው ኀይል የሚለካው በጠመንጃው ብቻ ሳይሆን በማዕዱም ነበር፤ ማዕዱ የሳሳበት ጌታ ሠራዊቱም ይሳሳበታል።

የዚህ ሁሉ ሥራ የበላይ ተቈጣጣሪ የቤቱ እመቤት ናት። ስንት ቁና ጤፍ ለስንት ሰው እንደሚበቃ፣ ጠጁ መቼ ተጥሎ መቼ እንደሚደርስ፣ የጾም ቀን የትኛው ወጥ ለየትኛው ማዕርግ እንደሚቀርብ ማወቅ ያለባት እርስዋ ናት። እቴጌ ጣይቱ ይህን ሥራ ለሎሌ ትተው የሚቀመጡ ሴት አልነበሩም።

ሙያቸው በአደባባይ የታየው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1887 የእንጦጦ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ሲመረቅ ባሰናዱት ታላቅ ግብር ነው። ጸሐፌ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ በዜና መዋዕላቸው ይህን ግብር በዝርዝር ማስፈራቸው ራሱ ልብ ሊባል ይገባዋል፤ የነገሥታት ታሪክ ጸሐፊዎች ከጦርነትና ከሹመት ወጥተው ስለ ወጥ ዐይነት መጻፍ ልማዳቸው አይደለምና። ቀናት በፈጀው በዚህ በዓል ከሸዋና ከሌላው አገር የመጣው እህል፣ ቅመም፣ ማርና ከብት ባንድ ማዕድ ላይ ተገናኘ። በኋላ ዘመን የምግብን ታሪክ ያጠኑ ሊቃውንት በዚህ ግብር ላይ የተለያዩ አገሮች ሙያ አንድ አገራዊ ማዕድ መሆን ሲጀምር ያዩበታል። የሰሜንና የጎንደር ባለሙያ በሸዋ ምድር በቆመ አዳራሽ ውስጥ የራሷን ሙያ ከባለአገሩ ሙያ ጋር አዋሕዳ ማቅረቧ፣ ለመንግሥቱም አንድነት የማይናቅ አገልግሎት ነበር።

በዚያው ሰሞን ቤተ መንግሥቱ ከብርዳሙ እንጦጦ ወደ ፍል ውኃ ሜዳ መውረድ ጀምሮ ነበር። ጣይቱ በፍልውኃው አጠገብ ቤት እንዲሠራላቸው ጠይቀው፣ ቦታውንም በ1879 ዓ.ም. አዲስ አበባ ብለው ሰየሙት። ጥቅምት 1882 ዓ.ም. ዐፄ ምኒልክ በእንጦጦ ማርያም ንጉሠ ነገሥት ተብለው ሲቀቡ፣ ከሁለት ቀን በኋላ እርሳቸውም እቴጌ ተብለው ዘውድ ጫኑ።

ክፉ ቀንና ዘመቻ

ዘውዱ የመጣው ከረሃብ ጋር ነበር። በምጽዋ በኩል ከገባ ከብት ጋር የመጣው የከብት በሽታ ከ1880 ዓ.ም. ጀምሮ አገሩን አዳረሰ። በሬው ሲያልቅ እርሻው ቆመ፤ ክፉ ቀን የተባለው ዘመን ተከተለ። ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው መሬት በመቈፈር ለመኳንንቱ ምሳሌ እንደሆኑ፣ ሕዝቡ ያጣውን የበሬ ሥጋም ከመብላት እንደተከለከሉ ይነገራል። ከጥቂት ዓመት በፊት አገር ያጠገበው ማዕድ ቤት አሁን ሥራው የተራበን ማቆየት ሆነ። ማዕድ የሚያስተዳድር ሰው ትልቁን ትምህርት የሚያገኘው በጥጋብ ሳይሆን በእንዲህ ያለው ዘመን ነው።

ሰባት ዓመት ሳይሞላ ዘመቻ መጣ። ጣልያኖች በ1881 ዓ.ም. በተፈረመው የውጫሌ ውል አንቀጽ 17 ኢትዮጵያን ጥገኛ ለማድረግ በተነሡ ጊዜ፣ እቴጌ ከተቃወሙት ሁሉ የጸኑት ነበሩ። በ1888 ዓ.ም. ክተት ሲታወጅ የራሳቸውን ጦር ይዘው ወጡ። ከመቶ ሺህ የማያንስ የሚባልለት ሠራዊት የሄደው ስንቁን ራሱ ተሸክሞ፣ ከኋላው በቅሎና አህያ አስከትሎ፣ እህል የሚፈጩና እንጀራ የሚጋግሩ ሴቶችን ይዞ ነው። በዚህ ዘመቻ የማዕድ ቤቱ ሙያና የጦር ስልቱ ተገናኙ። በጥር ወር ጣልያኖች በመቀሌ እንዳ ኢየሱስ ምሽግ ይዘው በመድፍ አላስጠጋ ሲሉ፣ የምሽጉ ውኃ ከግቢው ውጭ መሆኑን ተመልክተው ምንጩ እንዲያዝ ያደረጉት እቴጌ ናቸው። ጥም የጠናበት ጦር ብዙ ሳይቆይ ምሽጉን ለቆ ወጣ። ብዙ ሰው ሲመግብ የኖረ ሰው፣ ሠራዊት በምን እንደሚቆምና በምን እንደሚወድቅ ያውቃል።

ወሩ እየገፋ ሲሄድ በዐድዋ አካባቢ የሰፈረው ሠራዊት ስንቁ እየተመናመነ፣ አገሩም መመገብ እያቃተው መጣ። ጣልያኖች ባይገፉ ኖሮ ንጉሠ ነገሥቱ በረሃብ ምክንያት ለመመለስ ይገደዱ እንደነበር ብዙ ጸሐፊዎች ይስማሙበታል። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ግን ጦርነቱ ሆነ፤ በዚያም ቀን እቴጌ ከጦራቸው ጋር ቆመው ሲያዋጉ፣ ሴቶቹ ለተዋጊውና ለቈሰለው ውኃ በእንስራ እያመላለሱ ነበር።

ሆቴሉ

ከዐድዋ በኋላ አዲስ አበባ ሌላ ከተማ ሆነች። የአውሮፓ መንግሥታት መልክተኞቻቸውን ላኩ፤ ነጋዴው፣ መሐንዲሱ፣ ሐኪሙና አዳኙ ተከታትለው መጡ። የባቡር ሐዲዱ ከጅቡቲ ተነሥቶ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1902 ድሬዳዋ ደረሰ። ባንክ ተቋቋመ፤ ስልክ ተዘረጋ። ከተማዋ ግን እንግዳ የሚያድርበት ቤት አልነበራትም። የመጣው ሰው ወይ ድንኳን ይተክላል፣ ወይ የአገሩን ሰው ፈልጎ ይጠጋል፣ ወይ የቤተ መንግሥቱን መስተንግዶ ይጠብቃል።

እቴጌ ጣይቱ ከአራዳ ገበያ አጠገብ፣ በኋላ ፒያሳ በተባለው ሰፈር፣ ሆቴል አሠሩ። ቤቱ የታነጸው በ1890ዎቹ ዓ.ም. መጨረሻ ሲሆን፣ ሥራ መጀመሩ ብዙውን ጊዜ የሚነገረው በአውሮፓ አቆጣጠር በ1907 ነው። ሰፊ የእንጨት ደረጃ፣ ከፍ ያለ ጣራና በረንዳ ያለው ፎቅ ነው። በአገሪቱ የመጀመሪያው ዘመናዊ ሆቴል ተብሎ የሚጠራው ይህ ቤት በባለቤትዋ ስም እቴጌ ሆቴል ተባለ።

መክፈቱ ከባድ አልነበረም፤ ከባዱ ሰውን ማስለመድ ነበር። መኳንንቱ በግቢው አዳራሽ ያለ ዋጋ ጠግቦ የሚበላ ሆኖ ሳለ፣ ለምን ገንዘብ አውጥቶ ይበላል? ባለገንዘቡስ ቢሆን ሒሳብ ከፍሎ መብላትን እንደ ድህነት ወይም እንደ ውርደት ቢቈጥረው አይፈረድበትም። ሲወርድ ሲዋረድ የመጣው ታሪክ እንደሚለው፣ ዐፄ ምኒልክ መኳንንቱን አስከትለው ወደ ሆቴሉ ሄዱ፤ ከበሉ በኋላም የራሳቸውን ሒሳብ ከፍለው ሌላውም እንዲሁ እንዲያደርግ አደረጉ። ንጉሠ ነገሥት የከፈለበትን ቤት መክፈል ለማንም ነውር ሊሆን አልቻለም። ዝርዝሩ ከተራኪ ተራኪ ቢለያይም የነገሩ ፍሬ አንድ ነው፤ ልማዱ የተሰበረው በትእዛዝ ብቻ ሳይሆን ላዕላዩ ሰው ቀድሞ በማድረጉ ነው።

ይህ ነገር ከአንድ ሆቴል መከፈት የሰፋ ለውጥ እንደነበረ ማስተዋል ይገባል። በግብር አዳራሽ ማን የት እንደሚቀመጥ፣ የትኛው ሥጋ ለማን እንደሚቈረጥ፣ የትኛው ጠጅ ለማን እንደሚቀዳ የሚወሰነው በማዕርግ ነበር። ኋላ የሚገባው ጭፍራ የፊተኞቹ በልተው ከተነሡ በኋላ ይቀርባል። ግብር የበላም ሰው ባለዕዳ ነው፤ ዕዳውን የሚከፍለው በጉልበቱና በታማኝነቱ፣ ሲያስፈልግም በሕይወቱ ነው። በሆቴሉ ግን ወንበሩ የሚገኘው በዋጋ ነው፤ ሒሳቡን የከፈለ ሰው ከማንም ዕዳ ነጻ ሆኖ ይወጣል። አብሳዩና አስተናጋጁም ሎሌነታቸው ቀርቶ በሥራቸው ዋጋ የሚያገኙ ባለሙያዎች መሆን ይጀምራሉ። እቴጌ ይህን ሁሉ አስበው አድርገውት እንደሆነ መናገር ባይቻልም፣ የግብርን ሥርዐት ከማንም ይበልጥ የሚያውቁት ሴት ከግብር ውጭ የሆነውን ቤት መክፈታቸው በአጋጣሚ ብቻ የሆነ አይመስልም።

የሥልጣን ማክተሚያ

ሆቴሉ በተከፈተ ሰሞን ዐፄ ምኒልክ ታመሙ። ሕመሙ እየጸና ሲሄድ የመንግሥቱ ሥራ በእቴጌ እጅ እየገባ መጣ። በዚህ ጊዜ ያደረጉት ነገር ሁሉ የሚመሰገን አልነበረም። ከምኒልክ ልጅ አልወለዱምና የሚተኩበትን መንገድ በዘመዶቻቸው በኩል ፈለጉ። የወንድማቸውን የራስ ወሌን ልጅ ራስ ጉግሣን ከምኒልክ ልጅ ከወይዘሮ ዘውዲቱ ጋር አጋብተው ነበር፤ በሹመትና በሽረትም ለሰሜንና ለበጌምድር ወገኖቻቸው ያደላሉ ተብለው በሸዋ መኳንንት ዘንድ ተጠሉ። በመጋቢት 1902 ዓ.ም. መኳንንቱ ተማክረው ከመንግሥት ሥራ እንዲወጡና ባላቸውን ብቻ እንዲያስታምሙ ወሰኑባቸው።

ኀይለኛዋ ሴት ፍርዱን ተቀብለው ባላቸውን አስታመሙ። ዐፄ ምኒልክ በታኅሣሥ 1906 ዓ.ም. ሲያርፉ ከግቢ ወጥተው ወደ እንጦጦ ወጡ፤ ከሃያ ስድስት ዓመት በፊት ያን ታላቅ ግብር ባበሉበት ቤተ ክርስቲያን አጠገብ በጸሎት ተቀመጡ። ልጅ ኢያሱ በ1909 ዓ.ም. ተሽረው ዘውዲቱ ሲነግሡም ወደ ሥልጣን አልተመለሱም። በመጨረሻ ዘመናቸው ወደ ጎንደር ሄደው ቀሪ ዕድሜያቸውን በዚያ ለመፈጸም ፈቃድ ጠይቀው እንዳልተፈቀደላቸው ታሪክ ጸሐፊዎች ይገልጻሉ። የወገራን ሜዳና የሰሜንን ተራራ ዳግመኛ ሳያዩ በየካቲት 1910 ዓ.ም. ዐረፉ። መጀመሪያ በእንጦጦ ተቀብረው፣ በኋላ ዐፅማቸው ወደ በዓታ ለማርያም ፈልሶ ከዐፄ ምኒልክ አጠገብ ዐረፈ።

ለዘመዶቻቸው የደከሙበት ነገር ሁሉ ብዙ አልቆየም። ራስ ጉግሣ ወሌ በመጋቢት 1922 ዓ.ም. በአንቺም ጦርነት ሞቱ፤ የሰሜን ቤት በመንግሥት ላይ የነበረው ተስፋም በዚያው አከተመ። ሆቴሉ ግን ቆመ። የጣልያን ወረራ መጣና ሄደ፤ ንጉሣዊው አገዛዝ ወደቀ፤ ንብረት ከእጅ ወደ እጅ ተላለፈ፤ በጥር 2007 ዓ.ም. የተነሣ እሳትም ከሕንፃው ከፊሉን አቃጠለ። ይህ ሁሉ ሲሆን ቤቱ ከመቶ ዓመት በላይ ስሙን ይዞ እንግዳ ተቀብሏል።

በዚህ ሕይወት ውስጥ ለምግብና ለእንግዳ አቀባበል ባለሙያ የሚተርፍ ትምህርት አለ። ሹመት በሞትና በሽረት ያልፋል፤ በዝምድና የተገነባ ኀይልም ዘመዱ ሲወድቅ ይወድቃል። ለማንም ክፍት ሆኖ፣ በልኩ ዋጋ ጠይቆ፣ ንጹሕ ማዕድ የሚያቀርብ ቤት ግን የሚያስፈልገው ሰው እስካለ ድረስ ባለቤቱ ቢለወጥም ይኖራል። እቴጌ ጣይቱ ከሰሜን የገብስ አገር ከወጣ ቤት ተወልደው፣ ጎተራ ባንድ ቀን ሲወረስ ባየ ትውልድ መካከል አድገው፣ የአገሩን ትልቁን ማዕድ አስተዳድረው፣ በመጨረሻ እህል መሸጥን ከነውር ወደ ክብር አሸጋገሩ። ከዚያ ወዲህ በዚህ ሙያ የሚተዳደር ሁሉ፣ በዳባትም ሆነ በደባርቅ ለመንገደኛ ምሳ የምታቀርበው ሴት ሳትቀር፣ ለሥራው ዋጋ ሲጠይቅ አንገቱን የሚደፋበት ምክንያት የለውም።